አልገባኝም ባዩ ዓም ኸማይስ

ስብሰባ በተባለ ነገር ሁሉ ውስጥ አንድ ሰው አለ። ሰብሳቢው ወረቀቱን አጣጥፎ፣ ሰዉ ቦርሳውን አንጠልጥሎ፣ ከኋላ ያሉት ከወንበራቸው በግማሽ ተነሥተው «እንግዲህ ሌላ ሐሳብ ከሌለ...» ሲባል፣ ከመጨረሻው ረድፍ አንድ እጅ ይወጣል። ቀስ ብሎ ነው የሚወጣው። የእጁ ጌታ የሚቸኩልበት ጉዳይ የለውም። ጉሮሮውን ይጠርጋል። «እኔ እንኳ ጥያቄ የለኝም» ይላል። ከዚያ ወዲያ ምሳ የለም፣ ቀጠሮ የለም፣ ቤት የለም። ይህን ሰው አላውቀውም የሚል ካለ፣ ስብሰባ ገብቶ የማያውቅ የታደለ ፍጡር ነው።

እኔ መሬትን ለቅቄ ወደ ሰማይ ስወጣ ይህን ሰው ታች ትቼው የመጣሁ መስሎኝ ነበር። ለካ ቀድሞኝ ወጥቶ እየጠበቀኝ ነው።

የእኛው ዓም ኸማይስ ይባላል። ዓም አጎት ማለት ነው፤ ሰውየው የማንም አጎት ስላልሆነ የሁሉም አጎት ሆኗል። የጋቤስ ከተማ ሰው ነው። ስልሳ ስድስት ዓመቱ ነው። ሰማያዊ ቱታ ይለብሳል፤ ከእሱ ቀድሞ በር የሚገባ ሪዝ አለው። የመዳር ዩኒቨርሲቲ የውኃና የአየር ቧንቧዎች አለቃ፣ የፓምፖች ሁሉ ጠቅላይ አዛዥ፣ የሊቃውንት አስለቃሽ፣ ክቡር ዓም ኸማይስ! ማዕረጉን የሰጠሁት እኔ ነኝ። እሱ ቢሰማው «አልገባኝም» ነው የሚለው።

መዳር መሬትን በቀን አሥራ ስድስት ጊዜ እየዞረ ገና ያልመጣውን ዘመን ሳይንስ የሚያስተምር ዩኒቨርሲቲ ነው። ሦስት መቶ ያህል ሰው ነን። አንዱ ሰውን ለመቶ ዓመት አስተኝቶ ስለመቀስቀስ ይመራመራል፤ ሌላው ጣሪያ ሥር ዝናብ ያዘንባል፤ እኔ ደግሞ በአደጋ ጊዜ ከሰው ቀድመው የሚወስኑ ማሽኖችን አስተምራለሁ። ፕሮፌሰር ነኝ። ፈትሒ እባላለሁ። ይህን የምነግራችሁ ለመመካት አይደለም፤ ይህ ሁሉ እውቀት በአንድ ቧንቧ ጠጋኝ ሪዝ ሥር ስንት ጊዜ እንደተንበረከከ እንድታውቁልኝ ነው።

ጥፋቱ የመሥራቾቻችን ነው። በደንባቸው ላይ «አንድ አየር የሚተነፍስ ሁሉ አንድ ጥያቄ አለው» ብለው ጽፈዋል። በዚህ መሠረት አንድ ተማሪ ለዶክትሬት ዲፌንስ ሲቀርብ፣ ፈታኞቹ ከጨረሱ በኋላ የመጨረሻው ጥያቄ ምሁር ላልሆነ ነዋሪ ይሰጣል። የአየር ጥያቄ ይሉታል። ጠያቂው «አልገባኝም» ካለ ዲግሪው ይቆማል፤ ተማሪው እስኪገባው ድረስ ተመልሶ ማስረዳት አለበት። እንዴት ያለ ውብ ሐሳብ ነው! የጻፉት ግን ቱኒስ ውስጥ፣ በለስላሳ ወንበር ላይ፣ ዓም ኸማይስ ሳይወለድ ነው።

ምግብ አብሳዮቹ ድስት አላቸው፤ አይመጡም። የመንኮራኩር መካኒኮቹ እንቅልፍ አላቸው። ዓም ኸማይስ ግን ሃያ አምስት ዓመት ሙሉ አንድም ዲፌንስ አምልጦት አያውቅም። ፈታኞቹ ሊጨርሱ አምስት ደቂቃ ሲቀራቸው ይገባል፤ ለእንግዳ ከተዘረጋው ሳህን መቅሩድ ከሚባለው ተምር የተሞላ ጣፋጭ ሁለት ያነሣል፤ አንዱን ይበላል፣ አንዱን ኪሱ ይከታል፤ የመጨረሻው ረድፍ ላይ ይቀመጣል። ከዚያ እጁ ይወጣል።

«ልጄ፣ አልገባኝም። ጥፋቱ የኔ ነው፤ ጭንቅላቴ ወፍራም ነው። ግን ለዳሊላ ምን ብዬ ልንገራት?»

ዳሊላ ሚስቱ ናት። መሰላል ላይ እንኳ የማትወጣ ሴት ስለሆነች ጋቤስ ቀርታለች። በየሳምንቱ ይደውልላትና የሳምንቱን ዲፌንስ ይተርክላታል። ስለዚህ በመዳር ዩኒቨርሲቲ ዶክተር ለመባል ሦስት ፈታኝ፣ አንድ ዓም ኸማይስና ታች ኩሽናዋ ውስጥ ሽንኩርት የምትልጥ አንዲት ወይዘሮ ማለፍ ያስፈልጋል ማለት ነው።

የዝናቡን ሰውዬ ልንገራችሁ። አራት ዓመት ሠርቶ የአትክልቱ አዳራሽ ውስጥ ከጣሪያው ሥር ደመና ሰበሰበ፤ በተባለው ደቂቃ፣ በተባለው ልክ አዘነበ። ፈታኞቹ ቆመው አጨበጨቡ። እጅ ወጣ። «እሺ፣ የዘነበው የት ይሄዳል?» ልጁ ዞር ብሎ ወለሉን አየ። ስለ ወለል አንድም ዓረፍተ ነገር አልጻፈም ነበር። አምስት ወር ተጨማሪ ተቀምጦ ስለ ፍሳሽ አንድ ምዕራፍ ጻፈ። ዛሬ ታች ላይ ስሙ የሚነሣው በዚያ ምዕራፍ መሆኑ ሌላ ጉዳይ ነው። እኔ የማወራው ስለ ሰውየው ጠባይ ነው።

የመቶ ዓመት እንቅልፍ ተመራማሪዋስ? ስድስት መቶ ገጽ። ልብ እንዴት እንደሚቀዘቅዝ፣ ደም እንዴት እንደሚቆም፣ ሕልም እንዴት እንደሚጠበቅ። ዓም ኸማይስ መቅሩዱን ውጦ ጣቱን ላሰ። «ሽንቱስ?» አለ። አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። እሷ አልሳቀችም፤ ገጽ ማገላበጥ ጀመረች። ያን ጊዜ ከፊት ረድፍ ተቀምጬ ነበርና የገጾቹ ድምፅ አሁንም ጆሮዬ ውስጥ አለ። የለም፤ ሽንት አልነበረም።

ይህ ሁሉ አዳራሽ ውስጥ ቢቀር ጥሩ ነበር። ሁለት ባልደረቦቻችን እዚሁ ሲጋቡ፣ ኒካሑ ታስሮ፣ ወላጆች ከሱስ ከተማ በስክሪን እያለቀሱ፣ አስተናባሪው «የሚለው ያለው አለ?» ሲል ያ የተረገመ እጅ ወጣ። «አላህ ይባርክላችሁ። አንድ ነገር ግን አልገባኝም። የተጣሉ ቀን ማን ወዴት ይሄዳል? ውጭ የሚባል ነገር እኮ የለም።» የሙሽራዋ እናት ስክሪኑ ውስጥ ራሷን ያዘች። ከሁለት ሳምንት በኋላ አስተዳደሩ ከመጋዘኑ ጎን አንዲት ጠባብ ክፍል አስለቅቆ አልጋ አስገባባት፤ የኩርፊያ ክፍል ይሏታል። እኔ ራሴ ሁለት ጊዜ አድሬባታለሁ። ይህንንም ለእሱ ውለታ ብዬ አልቆጥረውም።

እስከዚህ ድረስ ሊያስቅ ይችላል። ሰልሰቢል ላይ ሲደርስ ግን ሳቄ አለቀ።

ሰልሰቢል የቀይረዋን ከተማ ልጅ፣ የእኔ ተማሪ ናት። በሃያ ሁለት ዓመት የማስተማር ሕይወቴ እንደሷ ያለ አእምሮ አላየሁም። እዚህ ለአንድ ተማሪ የሚፈቀደው አየር ስድስት ዓመት ነው፤ ስድስተኛው ዓመት ሲያልቅ ዲግሪ ያዘ አልያዘ በቀጣዩ መንኮራኩር ይወርዳል፤ ወርዶ የተመለሰ ተማሪ የለም። የእሷ ስድስት ዓመት ሊያልቅ አሥራ አንድ ቀን ሲቀረው ነበር ለዲፌንስ የቀረበችው። ሥራዋ የአየር ዳኛ የሚባል ማሽን ነው። ከግድግዳችን አንዱ ቢሸነቆርና አየር መውጣት ቢጀምር፣ ሰው ደንግጦ ቀና ከማለቱ በፊት ማሽኑ የተሸነቆረውን ክፍል በር ዘግቶ ሌላውን ያድናል። ሦስት ሺህ ጊዜ በአምሳያ ሞክራዋለች። ሦስት ሺውንም ጊዜ ሠርቷል።

ፈታኞቹ ረክተው ነበር። ሳህኑ ላይ ሁለት መቅሩድ ጎድሏል። እጅ ወጣ።

«ልጄ፣ በሩ ሲዘጋ እኔ ከወዲያ ነኝ ወይስ ከወዲህ?»

ሰልሰቢል ደከመች መሰለኝ፤ ወይም ፈራች። ለፈታኞቹ የሰጠችውን መልስ ደገመችለት፤ ስለ ነዋሪዎች ሥርጭት ግምት፣ ስለ መለያ ምልክት ንባብ፣ ስለ ስሕተት ወሰን። እሱ ራሱን እየነቀነቀ በትሕትና ሰማት።

«አልገባኝም» አለ።

ዲን ዘክያ ብዕሯን አስቀመጠች። ዲግሪው ቆመ። ሰልሰቢል ወረቀቶቿን ሰብስባ በጎን በር ወጣች፤ እኔ ግን ከአዳራሹ አልወጣሁም። ደሜ ፈላ። እውነት ነው የምላችሁ፣ ያን ቀን የያዘኝን ንዴት ዛሬ ሳስበው ራሱ ጆሮዬ ይግላል። ስድስት ዓመት! የአንዲት ልጅ ስድስት ዓመት፣ እንቅልፏ፣ ዓይኗ፣ ወጣትነቷ፣ ኪሱ ውስጥ መቅሩድ በደበቀ አንድ ሽማግሌ ወፍራም ጭንቅላት ላይ ተሰናክሎ ሊወድቅ ነው። አላዋቂ ሳሚ ንፍጥ ይለቀልቃል ይባላል፤ የእኛው ሳይስም ነው የለቀለቀን።

የዚያኑ ዕለት ለሴኔቱ አቤቱታ ጻፍኩ። የአየር ጥያቄ ይቅር። በሕይወቴ እንደዚያ አሳምሬ ጽፌ አላውቅም። «አለማወቅ መብት ሊሆን ይችላል፤ ሥልጣን ግን ሊሆን አይገባም» የሚል ዓረፍተ ነገር ነበረው። ከክፍል ክፍል እየዞርኩ አርባ አንድ ፊርማ ሰበሰብኩ። የዝናቡ ሰውዬ እንኳ ወርዶ ባይሆን ኖሮ ይፈርም ነበር፤ እንዲህ ብዬ ራሴን አሳምኜ ነበር።

ፊርማውን ካስገባሁ በኋላም ንዴቴ አልበረደም፤ ስለዚህ ሰውየውን ፊት ለፊት ልነግረው ወደ ሥራ ቦታው ወረድኩ። ከታችኛው ኮሪደር ጫፍ የቧንቧዎቹ ዋሻ አለ። ከመግቢያው ጎን፣ በኮሪደሩ በኩል ግድግዳው ላይ ስድስት ምስማሮች አሉ፤ በምስማሮቹ ላይ የስድስቱ ቧንቧ ሠራተኞች መታወቂያ ካርድ ተንጠልጥሏል። የውስጦቹ ፓምፖች ማግኔት ካርድ ያበላሻል፤ ስለዚህ ካርዳቸውን ሰቅለው ይገባሉ፣ ሲወጡ ያነሣሉ። ከጥንት የቆየ ልማዳቸው ነው። መቶ ጊዜ አልፌበታለሁ።

ዓም ኸማይስን አንድ ቧንቧ ሥር በጀርባው ተኝቶ አገኘሁት። እግሩ ብቻ ነው የሚታየው።

«ዓም ኸማይስ፣ ይውጡልኝ እስቲ።»

«ሲ ፈትሒ! እንኳን ደህና መጣህ፣ ልጄ። ያችን ቁልፍ አቀብለኝማ።»

ሃምሳ ስምንት ዓመቴ ነው። ሲ፣ ማለትም አቶ፣ ብሎ ሳይጨርስ ልጄ ይለኛል። ቁልፉን አቀበልኩት፤ ይህም አናደደኝ።

«የልጅቱን ሕይወት እኮ ነው ያበላሹት! ለምንድነው አልገባኝም ያሉት?»

«ስላልገባኝ።»

«ሦስት ፕሮፌሰር ገብቶታል!»

«እነሱ ተምረዋላ።» ከቧንቧው ሥር ወጥቶ ተቀመጠ፤ እጁን በጨርቅ ጠረገ። «ሲ ፈትሒ፣ አለመግባት ወንጀል ከሆነ ይኸው እጄ፣ እሰረኝ። ብዋሽስ ልጅቷ ምን ልትጠቀም ነው? ስደውል ዳሊላ በሩ እንዴት ነው ሰው መኖሩን የሚያውቀው ብትለኝ ምን ልበላት? ሥርጭት ልበላት?»

«እኔ አስረዳዎታለሁ» አልኩ ጥርሴን ነክሼ። «ሕፃን እንኳ ይገባዋል። ሁላችንም ካርድ አለን፤ አይደል? ማሽኑ ካርዶቹን ይቆጥራል። እያንዳንዱ ካርድ የት ክፍል እንዳለ በየሴኮንዱ ያውቃል። ካርድ የሌለበት ክፍል ባዶ ነው ማለት ነው። ሽንቁር ሲከፈት መጀመሪያ ባዶዎቹን ይዘጋል፤ አየራቸውንም ስቦ ሰው ላለበት ይሰጣል። በቃ! ይኸው ነው! ምኑ ነው የማይገባው?»

ዓም ኸማይስ ጨርቁን አስቀመጠ። ቀስ ብሎ ወደ መግቢያው፣ ወደ ካርዶቹ ዞረ። እኔም ተከትዬው ዞርኩ።

«ሲ ፈትሒ» አለ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ «እንደ ማሽኑ ቆጠራ፣ አሁን እኛ ስድስታችን የት ነን?»

«ኮሪደር ላይ» አልኩ። መልሱ ከአፌ ከወጣ በኋላ ነው የተናገርኩትን የሰማሁት። ከውስጥ፣ ከፓምፖቹ መሃል፣ አምስቱ ሰዎች እየተሳሳቁ ቱቦ ሲቀጠቅጡ ይሰማል። በእኔ ተማሪ ማሽን ዓይን ከእኔ በቀር ዋሻው ባዶ ነው። ስድስት ሰዎች ግድግዳ ተደግፈው ኮሪደር ላይ ቆመዋል።

አመሰግናለሁ ያልኩት እንዳይመስላችሁ። ጮኽኩበት።

«ታዲያ ለምን ያኔ አልተናገርክም? ለምን ካርዳችንን እንሰቅላለን አላልክም፣ አንተ ሰውዬ!»

«እንዴት አድርጌ ልናገር? ካርድ የሚል ቃል መቼ ከአፏ ወጣ?» አለ ተገርሞ። «ገና አሁን አንተ ስትነግረኝ እኮ ነው የሰማሁት።»

ለሰልሰቢል ስነግራት አላለቀሰችም። ወንበሯን ስባ ተቀመጠች። «ሦስት ሺህ ጊዜ ሞከርኩት፣ ሲ ፈትሒ» አለችኝ። «ሦስት ሺውንም ጊዜ ገድያቸዋለሁ ማለት ነው።» እኔም፣ አማካሪዋ፣ ሦስት ሺውንም ጊዜ ጎበዝ ብያታለሁ።

ከዚያ በኋላ የሆነውን ሥራ ለመግለጽ አቅም የለኝም። ማሽኑ ካርድ መቁጠሩን ትቶ ትንፋሽ እንዲቆጥር አደረገችው፤ በየክፍሉ ከሰው የሚወጣውን አየር ይለካል፤ የሚተነፍስ ካለ ሰው አለ። ለዚህ በየቧንቧው መለኪያ መግጠም ያስፈልግ ነበር። ስድስቱ ሠራተኞች ስምንት ቀን ሙሉ ከፈረቃቸው ውጭ ገጠሙላት። ዓም ኸማይስ በእያንዳንዱ መለኪያ ላይ ሁለት ሁለት ጥያቄ ጠየቃት። እኔ በአጠገባቸው ሳልፍ ሰላም አልልም ነበር። ተኳርፈናል፤ ማለትም እኔ አኩርፌያለሁ፤ እሱ አልገባውም።

በዚህ መሃል፣ የአንድ በር እጀታ ለመቀየር ሁለት ዓመት የሚፈጅበት ሴኔታችን፣ በታሪኩ ለመጀመሪያ ጊዜ በአንድ ሳምንት ውስጥ ወሰነ። የአየር ጥያቄ ቀረ። ወደ ዲን ዘክያ ሮጥኩ።

«አቤቱታዬን ልሰርዝ።»

«ከወሰንን በኋላ? ሲ ፈትሒ፣ አርባ አንድ ፊርማ እኮ ነው ያመጣኸው።»

«ተሳስቼ ነበር።»

«በጣም ጥሩ አድርገህ ነው የተሳሳትከው» አለችኝ። «ያቺን አለማወቅ መብት ነው የምትለዋን እኔም ለአባቴ አነበብኩለት።»

ካፍ ከወጣ አፋፍ ነው። ተመልሼ ክፍሌ ገባሁ፤ የምሰድበው ሰው ፈልጌ ከራሴ በቀር አጣሁ።

ሁለተኛው ዲፌንስ በመጨረሻው ቀን ጠዋት ሆነ። መንኮራኩሩ ከሦስት ሰዓት በኋላ ይነሣል። የሰልሰቢል ሻንጣ በር ላይ ቆሟል። ፈታኞቹ ስለ ትንፋሹ ቆጠራ ሰምተው ተያዩ፤ አንዱ መነጽሩን አውልቆ ጠረገ። ዲን ዘክያ ተነሣች። «በአዲሱ ደንብ መሠረት ሌላ ጥያቄ የለም። ዶክተር ሰልሰቢል፣ እንኳን ደስ ያለሽ!» ተጨበጨበ።

ዓም ኸማይስ የመጨረሻው ረድፍ ላይ ነበር። ሁለት እጆቹ ጉልበቱ ላይ ናቸው። ሳህኑ ሙሉ ነው፤ አንድም መቅሩድ አላነሣም። አንጀቴን በላው። ይህም ደግሞ አናደደኝ፤ እሱ ላይ መናደድ የለመደ ሰው ሲያዝንለት ሌላ በሽታ ነው የሚሆንበት።

ሰልሰቢል ከመድረኩ አልወረደችም።

«ዓም ኸማይስ፣ ይጠይቁኝ እንጂ።»

«ቀርቷል ተባለ እኮ፣ ልጄ።»

«ለእነሱ ነው የቀረው።»

«ሰልሰቢል» አለች ዲን ዘክያ፣ «መንኮራኩሩ አይጠብቅሽም።»

«ዲግሪውን ሰጥታችሁኛል፤ አመሰግናለሁ። አሁን ግን ቧንቧው ውስጥ የሚገቡት እሳቸው ናቸው።» መድረኩ ጫፍ ላይ መጥታ ቆመች። «ይጠይቁኝ።»

ዓም ኸማይስ እጁን አላወጣም። ተነሥቶ ቆመ፤ ቱታውን አስተካከለ።

«አሁን እንግዲህ መኖራችንን ያውቃል» አለ።

«ያውቃል።»

«ሽንቁሩ እዚያው እኛ ዘንድ ቢከፈትስ? እኛ ስድስት ሆነን፣ ከወዲህ ሦስት መቶ ሰው ቢሆን?»

መልሱን አውቀዋለሁ። ገጽ ሁለት መቶ አሥራ ሁለት ላይ አለ፤ ማንም እንዳያነበው ሆኖ በሒሳብ ተጽፏል። ያስጻፍኳት እኔ ነኝ። ወደ ሰልሰቢል አየሁ፤ እሷ ወደ እኔ አላየችም።

«ይዘጋዋል፣ ዓም ኸማይስ።»

«እያወቀ?»

«እያወቀ።»

ዓም ኸማይስ ሪዙን በሁለት ጣቱ ጠረገ።

«ልክ ነው» አለ። «እኔም በሩ ላይ ብሆን እዘጋዋለሁ። ሰው በሙሉ ከሚያልቅ ስድስት ይለቅ። እሱ ገብቶኛል። ግን ዳሊላ ትጠይቃለች። በሩን የዘጋበት ማነው ትላለች። ማሽን ነው ይሏታል። ሴትየዋ ማሽን እንዴት አድርጋ ትርገም? የሰው ስም ያስፈልጋታል እኮ። ስም ከሌለማ እድሜዋን ሙሉ እኔን ነው የምትረግመው፣ ለምን ሄድክ ብላ።»

ለዚህ ጥያቄ ቀመር የለንም። በእኔ የትምህርት ክፍል ውስጥ ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ ማሽን ከሰው ቀድሞ እንዲወስን ስናስተምር፣ የወሰነውን ማን ይረገምበት ብሎ የጠየቀ አንድም ሰው አልነበረም።

ሰልሰቢል ጥናቷን አንሥታ የመጀመሪያውን ገጽ ገለጠች፤ ብዕር አወጣች።

«እኔ ነኝ የዘጋሁት ይበሏት» አለች። «ሰልሰቢል፣ የመብሩካ ልጅ፣ ቀይረዋን፣ ከቆዳ ፋቂዎቹ ገበያ ጀርባ። ቤታችንን ማንም ያሳያታል። መጥታ በሬ ላይ ቆማ ትርገመኝ።» ይህንኑ እየተናገረች ጻፈችው። ከዚያ ብዕሩን ይዛ ዞር አለችና እኔን አየችኝ። አማካሪዋ እኔ ነኝ።

ሄጄ ፈረምኩ። ፈትሒ፣ ስፋክስ፣ ከወደቡ ጎን፣ ሦስተኛው ቤት። አርባ አንድ ፊርማ ስሰበስብ የሌላ ሰው እጅ ነው የደከመው፤ ይህን አንዱን ስፈርም ግን የገዛ እጄ ከበደኝ።

«ጥሩ» አለ ዓም ኸማይስ። «እነግራታለሁ። በሉ አሁን ልጅቷን አድርሷት፤ መንኮራኩሩ ያመልጣታል።» ስድስቱ ቧንቧ ሠራተኞች ሻንጣዋን እየተቀባበሉ ኮሪደሩን በሩጫ አቋረጡ። በሩ ሊዘጋ ሲል ደረሰች። ዓም ኸማይስ ተመልሶ አዳራሽ ገብቶ ነበር፤ እኔ ወረቀቴን ልወስድ ስገባ ሳህኑ ባዶ ነው።

ይኸው አንድ ዓመት ሆነ፤ ሰልሰቢል ታች ታስተምራለች፤ የአየር ዳኛው ተገጥሞ ይሠራል። የእኔ ንዴት ግን አልበረደም። ሴኔቱ ደንቡን ለመመለስ ኮሚቴ አቋቁሟል፤ ስለዚህ ለሁለት ዓመት ያህል የሚጠበቅ ነገር የለም። አዳራሽ ውስጥ መጠየቅ የተከለከለው ዓም ኸማይስ ጥያቄዎቹን ይዞ ምሳ ሰዓት ወደ እኔ ጠረጴዛ ይመጣል። ሐሪሳዬን፣ ያቺን የበርበሬ ድልሄን፣ ሳያስፈቅደኝ በዳቦ እየጠረገ «ሲ ፈትሒ፣ ትናንት ያ ጢማሙ ልጅ ያለው አልገባኝም» ይለኛል። አስረዳዋለሁ። መሃል ላይ ስደርስ ለእኔም እንዳልገባኝ አውቃለሁ። ሾርባዬ ይቀዘቅዛል። ጨጓራዬን ልጦ ጨርሶታል።

ከሁሉ የከፋው የአደጋ ልምምዱ ነው። በወር አንድ ቀን ደወል ይደወላል፤ ሁሉም ሰው ወደ መጠለያው አዳራሽ ይሄዳል። ልምምድ መሆኑን አውቃለሁ። በሩ እንደማይዘጋ አውቃለሁ፤ ለልምምዱ ማሽኑን የማጠፋው እኔ ነኝ። እግሬ ግን ወደ መጠለያው አይሄድልኝም። በታችኛው ኮሪደር እሮጣለሁ። በሃምሳ ዘጠኝ ዓመቴ፣ ፕሮፌሰር ሆኜ፣ ተማሪዎቼ እያዩኝ እሮጣለሁ። ከዋሻው አፍ ላይ እቆማለሁ። አንዱ ይወጣል፤ ካርዱን ከምስማሩ ያነሣል። ሁለተኛው፣ ሦስተኛው፣ አራተኛው። አምስተኛው እየሳቀብኝ ያልፋል። ስድስተኛው ይዘገያል። ሁልጊዜ ይዘገያል፤ ለደወል ለምን እንደሚሮጥ አልገባውም። እኔም እዚያ በስሜ የሚዘጋው በር ላይ ቆሜ ያንን ሪዛም፣ ያንን ደንቆሮ፣ ያንን የመቅሩድ ሌባ ከነጋቤሱ፣ ከነቧንቧው፣ ከነወፍራም ጭንቅላቱ ሳላቋርጥ እሰድበዋለሁ፤ እስኪወጣ ድረስ አንዱን እግሬን በመዝጊያው መሃል ጣል አድርጌ።